መርፌው ሸክላውን ከመንካቱ በፊት

እስቲ ጠጋ በሉ ልጆቼ። አግዳሚዋ ትበቃችኋለች፤ ተጠጋጉና ተቀመጡ። በሩንም ገርበብ አድርጉት፣ የመኪናው አቧራ እየገባ ነው። ዛሬ ዘፈን አልጭንላችሁም። ቬንትሌተሩን አጥፍቼዋለሁና ሙቀቱን ለጥቂት ጊዜ ቻሉልኝ፤ ለምን እንዳጠፋሁት ኋላ ይገባችኋል።

ላወጋችሁ ያሰብኩት ስለ ዑበይዳ ነው። ዑበይዳን በዓይኔ አላየሁትም። እኔ ስሙን ስሰማ እሱ ሞቶ ተቀብሮ ነበር። ግን የእሱ የሆነ ነገር እዚህ ቤት፣ በእነዚህ ጣቶቼ ጠፍቷል። እኔ ካላወራሁት ማን ያወራዋል?

እንደምታውቁት እኔ አዛናው መተማ ላይ ዘፈን ስሸጥ ነው ያረጀሁት። በካሴት ጀመርኩ፣ በሲዲ አለፍኩ፣ አሁን ሜሞሪና ፍላሽ ላይ እጭናለሁ። ትምህርቴ አራተኛ ክፍል ላይ ቀርቷል። ኮምፒዩተሩን ያስተማረችኝ ልጄ እፀገነት ናት። ጎንደር ከመግባቷ በፊት የቱን አስቀድሜ የቱን አስከትዬ እንደምጫን በወረቀት ጽፋ ግድግዳው ላይ ለጠፈችልኝ። ያችውና፣ ጫፏ ቢጫ ሆኗል። እስከ ዛሬ እሷን እያየሁ ነው የምሠራው።

የሥራዬን ነገር ትንሽ ላስረዳችሁ፣ ያለዚያ ነገሩ አይያዝላችሁም። ከጎጃምም ከወሎም ለአጨዳ የሚመጣው ሠራተኛ ወደ ሽንፋና ወደ አብደራፊ ከመውረዱ በፊት እኔ ዘንድ ጎራ ይላል። ሜሞሪው ትንሽ ነው፣ የሚፈልገው ዘፈን ብዙ ነው። ስለዚህ ዘፈኑን አሳንሳለሁ። እፀገነት የጫነችልኝ ፕሮግራም ዘፈኑን ያሳንስና ትልቁን አጥፍቶ ትንሹን በቦታው ይተካል። የኔ ኮምፒዩተር ጠባብ ስለሆነ ሁለቱን አንድ ላይ አይችልም። ደግሞ ከዘፈኑ ፊትና ኋላ ያለውን ዝምታ ይቆርጣል። ሠራተኛው ፀሐይ ላይ ጎንበስ ብሎ ሰሊጥ ሲያጭድ ዘፈኑ ቶሎ ካልገባለት ተበላሽቷል ብሎ ተመልሶ ይጨቃጨቀኛል። እኛ ጭራውን መቁረጥ እንለዋለን። በቀን ሃምሳ፣ መቶ ጊዜ እቆርጣለሁ። ጥፍር እንደመቁረጥ ነው፤ የተቆረጠው ወዴት እንደሚሄድ ሰው አያስብም።

ሱዳን ላይ ጦርነቱ በተነሣ በሁለተኛው ወር፣ ግንቦት ላይ፣ ከገላባት በኩል ድልድዩን የሚሻገረው ሰው ማለቂያ አልነበረውም። ከነዚያ አንዱ እዚህ በሬ ላይ ቆመ። ቀጭን ረጅም ሰው ነው፣ ነጭ ጀለቢያው በአቧራ የሻይ መልክ ይዟል። ሻንጣ የለውም። ደረቱ ላይ አንድ ነገር በሻርፕ ጠቅልሎ አቅፏል። ሕፃን መስሎኝ ግባ፣ ጥላ ውስጥ አስገባው አልኩት።

ስሙ አብዱረሕማን እንደሆነ፣ ከኦምዱርማን ሦስት ሳምንት በመንገድ ቆይቶ እንደመጣ ነገረኝ። የምናወራው በዐረብኛ ነው፤ እኛ የድንበር ሰዎች የገበያ ዐረብኛ አናጣም። ሻርፑን ሲፈታው ሕፃን አይደለም፣ መዳፍ የምታህል ጥቁር ሃርድ ዲስክ ናት። መንገድ ላይ ተንቀጥቅጣ ተበላሽታ እንደሆን ፈርቷል። መሥራቷን ብቻ ልይ አለኝ። ውሃ እንኳ አልጠየቀም።

ሰካናት፣ ሠራች። ሰውየው ግድግዳውን ተደግፎ ቁልቁል ተንሸራቶ ተቀመጠ። ውሃ አመጣሁለት። ከጠጣ በኋላ አንዱን ከፈተው።

ልጆቼ፣ እኔ በዘመኔ ያልሰማሁት የዘፈን ዓይነት አለ ብዬ አላስብም ነበር። ያን ቀን ግን ማዶ ያለው ወፍጮ ድንጋዩን የሰበረ መስሎኝ ተነሥቼ በበሩ አየሁ። ጊታሩ ይጮሃል። ከበሮው አንድ ሰው የሚመታው አይመስልም። ዘፋኙ ደግሞ ጣቱን በር የቆለፈበት ሰው ነው የሚመስለው። ሄቪ ሜታል ይባላል አለኝ፣ ፈረንጆች ከዛሬ አርባና ሃምሳ ዓመት በፊት የተጫወቱት። ትርጉሙን ስጠይቀው ከባድ ብረት ማለት ነው አለ። ስሙንስ አልዋሸ አልኩ በልቤ።

በዚህ መሐል ደረበ ገባ። ደረበን የማታውቁት ካላችሁ፣ የሽንፋ ትራክተር ነጂ ነው፤ አፉ አያርፍም። በሩ ላይ ቆሞ ጆሮውን አዘነበለ።

«አያ አዛናው፣ ኩሽኔታው ያለቀ ትራክተር ነው እንዴ የሚያዘፍኑት? ወደኔ ይላኩት፣ ግሪስ ልቀባው።»

አብዱረሕማን ምን አለ ብሎኝ ተረጎምኩለት። ሳቀ። ጥርሱን ያየሁት ያኔ ነው። ሳቁን ሳይጨርስ ግን ፊቱ ተመለሰና፣ ወንድሜ ዑበይዳም የጄኔሬተር መካኒክ ነበር፣ እንደሱ ነበር የሚያወራው አለን።

የዑበይዳን ነገር የሰማነው እንዲህ ነው። ኦምዱርማን ውስጥ ጄኔሬተር ይጠግናል፤ ከሥራው ሲመለስ ይኼንን ዘፈን ይሰማል። ቀኑን ሙሉ ጩኸት ውስጥ ውለህ ማታ ደግሞ ጩኸት ትላለህ ወይ ሲሉት፣ ያኛው የተበላሸ ጩኸት ነው፣ ይኼ የተስተካከለ ነው ይል ነበር አሉ። አገር ጥለው ከሚሄዱ ፈረንጆች፣ ከአሮጌ ዕቃ ሻጮች የድሮ የዘፈን ሸክላዎች ለቃቅሞ አርባ አንድ አደረሰ። ከዚያ ሸክላዎቹ ሳያልቁብኝ ብሎ አንድ በአንድ ወደ ኮምፒዩተር ያስገባቸው ጀመር። በሳምንት የአንድ ሸክላ አንድ ገጽ ብቻ። በሳሙና ውሃ ያጥበዋል፣ ያደርቀዋል፣ ቬንትሌተርና ፍሪጅ ያጠፋል፣ መቅጃውን ይከፍትና በእጁ የማጫወቻውን መርፌ ያወርዳል። የክፍሉን ድምፅ ያስገባ ብሎ አጠገቡ ማይክሮፎን ያቆማል። ሁለት ዓመት ፈጀበት።

የቀዳበት ጥራት ሃይ ሬዞሉሽን ይባላል አለኝ አብዱረሕማን። አልገባኝም። ደጅ የተከመረውን ጆንያ አሳየኝና በዚያ አስረዳኝ። የኔና የሌላው ሰው ዘፈን ቀዳዳ እንዳለው ጆንያ ነው፤ ማሽላው ይቀራል፣ ሰሊጡ ግን ሰው ሳያይ ይፈሳል። የዑበይዳ ጆንያ አንዲት ፍሬ ሰሊጥ አያፈስም። ለዚህ ነው አንዱ ዘፈን የኔን ሃምሳ የሚያህለው፤ ለዚህ ነው ዲስኳ ጢም ብላ ለቤተሰቡ ወረቀቶች ፎቶ እንኳ ቦታ ያጣችው።

ዑበይዳን ከባድ መሣሪያ ገደለው፤ ቤታቸው በር ላይ። ወደ መካነ መቃብር የሚያስወጣ መንገድ ስላልነበረ ግቢያቸው ውስጥ ቀበሩት። እናታቸው ሐጃ ዋሲላ ከመቃብሩ አልነሣም አሉ። አብዱረሕማንን ግን አንተን ይገድሉሃል፣ ሂድ አሉት። ሸክላዎቹ ከክፍሉ ጋር ተቃጥለዋል። ስልኮቹ በየኬላው ተወስደዋል። እናትየው ዲስኳን በሻርፓቸው ጠቅልለው ሰጡትና አንድ ነገር ብቻ አዘዙት፤ የልጄን ድምፅ ይዘህ ውጣ፣ ስመጣ ታሰማኛለህ።

እኔ የልጄን ድምፅ ያሉት ዘፈኑን መስሎኛል።

አብዱረሕማን ማዳመጫውን ጆሮዬ ላይ ደፋልኝ። ከዘፈኑ በፊት ያለውን ስሙልኝ አለ፣ ዘፈኑን አይደለም፣ ከዘፈኑ በፊት። ከፈተው። ግንቦት ነው፣ የግንቦትን የመተማ ሙቀት ታውቁታላችሁ፤ ቬንትሌተሩ ከራሴ በላይ ይንገጫገጫል፤ ደረበም ደጅ ትራክተሩን ሳያጠፋ ነው የገባው። እኔ ምንም አልሰማሁም። ሹ የሚል ነገር ካለ አለ። ሰውየው ዓይኔን ዓይኔን እያየ ቆየ። ዓይኑ እንባ ሞልቷል።

«ሰሙት፣ ዐሚ?» አለኝ። ዐሚ አጎቴ ማለት ነው በነሱ።

ሐዘንተኛ ነው፣ እንግዳ ነው፣ ሦስት ሳምንት ያልተኛ ሰው ነው። አልሰማሁም እንዴት ልበለው።

«ሰማሁት» አልኩት።

እጄን ይዞ ሳመው። ምን እንደሰማሁ አልነገረኝም፤ ሰምቻለሁ ብያለሁና ለምን ይነግረኛል። እኔም አልጠየቅሁም።

በሦስተኛው ቀን አውቶቡስ መጥቶ ስደተኞቹን ወደ መጠለያ ሊወስድ ሆነ። እዚያ ድንኳን ነው፣ ክረምቱ እየመጣ ነው፣ መብራት የለም። አብዱረሕማን ዲስኳን ይዞ መጣና እዚሁ ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠልኝ። አማና አለኝ። አደራ ማለቱ ነው። ተቀበልኩ። ደረበ ደግሞ ያን ሰሞን ከትራክተሩ ሞተር በላይ የሚሰማ ዘፈን ይኼ ብቻ ነው እያለ ይለምነኝ ነበርና፣ ቀድቼ ልስጠው ወይ ብዬ ጠየቅሁት። ደስ አለው። ስጡት፣ ወንድሜ ማሳ ላይ መሰማቱን ቢያውቅ ይስቅ ነበር አለኝ። እንዲህ ብሎ ሄደ።

ሰኔ ገባ፣ ዝናቡ ጣለ፣ ደረበ ለእርሻ ሊወርድ ፍላሹን ይዞ መጣ። ክረምቱን የሚያደርሰኝ ሁሉንም ይጫኑልኝ አለ። ሞከርኩ፤ የትራክተሩ ቴፕ ያን ከባድ ፋይል አይቀበልም። እንግዲህ ማሳነስ ነው።

እዚህ ላይ ቀስ ብዬ ልንገራችሁ። የሠራሁትን በችኮላ የሠራሁት አይደለም። አስቤበታለሁ። ዲስኳ ጢም ማለቷን፣ ለወረቀቶቹ ቦታ ማጣቱን ነግሮኝ የለ? አሳንሼ ብተካለት ለደረበም ይሆናል፣ ለእሱም ዲስኳ ባዶ ቦታ ታገኛለች፣ ሲመጣ ያመሰግነኛል አልኩ። የእፀገነትን ወረቀት አየሁ። መጀመሪያ ይኼን፣ ቀጥሎ ያን። ሁሉንም መርጬ ተጫንኩት። አሮጌ ኮምፒዩተር ስለሆነ ከጧት እስከ አሥር ሰዓት ሲያኝክ ዋለ። እኔ አጠገቡ ቁጭ ብዬ ያለቀውን እየቆጠርኩ በሥራዬ እደሰት ነበር። መጨረሻው ላይ መብራት ሄደ። ሲመጣ ለደረበ የሚሆነው በቂ ነው ብዬ ያለውን ፍላሹ ላይ ገለበጥኩለት። ዲስኳን በዚያው ሻርፕ ጠቅልዬ ሳጥን ውስጥ ቆለፍኩባት።

ደረበ ክረምቱን ሙሉ በከባድ ብረት አረሰ። የጎጃም ልጆች መጀመሪያ ትራክተሩ ሰይጣን ሰፍሮበታል ብለው እንደሸሹት፣ በኋላ ግን እነሱ ራሳቸው ክፈተው እያሉ እንደለመኑት በመጣ ቁጥር ያወራኝ ነበር። እኔም ለአብዱረሕማን የምነግረው መልካም ወሬ አገኘሁ ብዬ አስቀመጥኩት። ከነሐሴ ወዲያ መንገዱም ተዘጋ፣ የስልክ መስመሩም ጠፋ፣ ከመጠለያው ወሬ አልመጣም።

ኅዳር መጨረሻ፣ ሰሊጡ ተራግፎ ማሽላው ሲቀር፣ አንድ ረፋድ ላይ አብዱረሕማን በሩ ላይ ቆመ። ብቻውን አይደለም። ቶብ የሚሉትን የሱዳን ሴቶች ሰፊ ልብስ የለበሱ፣ አጠር ያሉ፣ ክንዱን የተደገፉ አሮጊት አብረውት አሉ። ጎረቤቶች ከግቢው በግድ አንሥተው ገዳሪፍ አድርሰዋቸው፣ ትናንት ድልድዩን ተሻግረዋል፣ ልጃቸውም ከመጠለያው ወጥቶ ተቀብሏቸዋል። ከድልድዩ ቀጥታ ወደ መጠለያ አልሄዱም። እኔ ዘንድ ነው የመጡት። ወንበር አቀረብኩ። ሐጃ ዋሲላ ሲቀመጡ ዓይናቸው ቤቱን ዞሮ ሳጥኑ ላይ ቆመ፤ ሻርፓቸውን በቁልፉ ቀዳዳ የሚያዩት ይመስል ነበር።

እኔ ሞኙ ደስ ብሎኛል። ዲስኳን አውጥቼ ሰጠሁት፣ የደረበን ወሬ ነገርኩት፣ እንዲያውም ቦታ አስለቅቄልሃለሁ፣ አሁን የፈለግኸውን ወረቀት ትጨምርባታለህ አልኩት። አብዱረሕማን ነገሬ በጆሮው የገባ አልመሰለኝም። ለእናቱ ማዳመጫውን በቶባቸው ላይ በጥንቃቄ እያስተካከለ ነበር። ከዚያ ሦስተኛውን ሸክላ ፈልጎ ከፈተላቸው።

አሮጊቷ ደንግጠው ወደ ኋላ ተወረወሩ። ጊታሩ ነው፣ ያለማስጠንቀቂያ ጆሯቸው ላይ ፈነዳ። አብዱረሕማን አቆመው፣ ይቅርታ ጠይቋቸው ወደ መጀመሪያው መለሰው። እንደገና ጊታር። ሌላ ከፈተ፤ ጊታር። ሌላ፤ ከበሮ። ጣቱ እየፈጠነ ሄደ። እኔ ከኋላው ቆሜያለሁ፣ እስክሪኑ ላይ የፋይሎቹ መጠን ይታየኛል፣ ሁሉም ትንንሽ ናቸው፣ የኔ ሥራ ናቸው። አሁንም ምን እንደጎደለ አላውቅም።

ጭራቸውን ቆርጫለሁ አልኩት። ከፊት ያለውን ዝምታ። እንደልማዳችን።

አብዱረሕማን ዞሮ አየኝ። ልጆቼ፣ ቢጮህብኝ ይሻለኝ ነበር።

«ዐሚ፣ ያን ቀን ሰማሁት ብለውኝ ነበር።»

ያ ዝምታ ምን እንደነበረ ያኔ ነው የነገረኝ። ዑበይዳ ሸክላው የሚጀምረው ጊታሩ ሲመታ አይደለም፣ መርፌው ሲያርፍ ነው ብሎ ፊቱን አይቆርጠውም ነበር። ስለዚህ በየሸክላው ፊት ክፍሉ አለ፣ ወንበሩ አለ፣ ራሱ አለ። ሦስተኛው ላይ እናቱ ከግቢ ይጠሩታል፤ ዑበይዳ፣ ፉሉ በረደ ይሉታል። እሱ ደግሞ ማይክሮፎኑ እንዳይሰማው ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ደጊጋ ያ ዩማ፣ አንድ ደቂቃ እማዬ ይላል። ይኸው ነው። በዚህ ዓለም ላይ የቀረው የዑበይዳ ቃል ያ ብቻ ነበር። እናቱ ከኦምዱርማን ድረስ የመጡት እሱን ሊሰሙ ነው። እኔ ሰማሁት ያልኩት እሱን ነው።

አንዲት ፍሬ የማያፈሰውን ጆንያ እኔ ገለበጥኩት።

ደረበ በዚህ መሐል ደረሰ። እንደልማዱ ትራክተሩን ደጅ እያጓራ ትቶ አንድ ቀልድ ይዞ ገባ፤ ሰዎቹን ሲያይ ቀልዱ አፉ ላይ ቀረ። ነገሩን በአጭሩ ነገርኩት። ከደረት ኪሱ ፍላሹን አውጥቶ በሁለት እጁ ለአብዱረሕማን ዘረጋለት፣ ምናልባት የኔ ላይ ተርፎ እንደሆን አለ። አብዱረሕማን ሰካው። ጊታር ነው። ሌላ ምን ሊሆን፣ ከዚያው የተቀዳ አይደለም? ደረበ ፍላሹን መልሶ አልወሰደም። ወጥቶ ትራክተሩን አጠፋና በሩ ላይ ቆመ። ደረበ ሳይናገር ሲቆም ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው።

ሐጃ ዋሲላ ምን እንደተፈጠረ ልጃቸውን ጠየቁት። ነገራቸው። አልጮሁም፣ ደረት አልመቱም። ማዳመጫውን ግን ከጆሯቸው አላወለቁም። ሁሉንም አይተሃል ወይ አሉት። አርባ አንድ አይደሉም ወይ አሉት።

ከመጨረሻው ጀምሮ ወደ ላይ አያቸው። የመጨረሻው ትልቅ ነበር። መብራት የሄደበት ነው። ያን ቀን በስንፍና የተውኩት፣ እንደ ሰጠኝ የቀረው እሱ ብቻ ነው።

አብዱረሕማን ማዳመጫውን በእናቱ ጆሮ ላይ አስተካከለ። እኔ ሄጄ ቬንትሌተሩን አጠፋሁ። ከፈተላቸው።

አሮጊቷ ዓይናቸውን ጨፈኑ። እኛ ሦስት ወንዶች ፊታቸውን እያየን ቆምን። እስክሪኑ ላይ ሰከንዱ ይሄዳል፤ አምስት፣ ዘጠኝ፣ አሥራ ሦስት። ቃል የለበትም ብሎ አብዱረሕማን በሹክሹክታ ነገረኝ፤ ይኼኛው ላይ ማንም አልጠራውም፣ እሱም አልመለሰም። አሥራ ስምንተኛው ላይ ግን ሐጃ ዋሲላ እጃቸውን ወደ አፋቸው ወሰዱ።

«አፍንጫው» አሉ። «ይኼ የልጄ አፍንጫ ነው።»

በሰባት ዓመቱ ከአህያ ወድቆ አፍንጫው ተሰብሮ ነበር። ሳይቃና ገጠመና ትንፋሽ ሲስብ ቀጭን ፉጨት ይወጣዋል። ትምህርት ቤት ይስቁበት ነበር። እናቱ ሲተኛ በዚያ ነበር መተኛቱን የሚያውቁት። መርፌውን ሲያወርድ እጁ እንዳይንቀጠቀጥ ትንፋሹን ስቦ ይይዛል፤ የሳበው እዚያ ውስጥ ተቀምጧል። መልሰው መላልሰው ሰሙት። ስንት ጊዜ እንደሆነ አልቆጠርኩም። ጊታሩ ሊመታ ሲል አብዱረሕማን ያቆመዋል፣ ይመልስላቸዋል።

በመጨረሻ ማዳመጫውን አወለቁና ለእኔ ዘረጉልኝ። እርስዎም ይስሙት ማለታቸው ነው። የልጄን ድምፅ ያጠፋህ አንተ ነህ ያላሉኝ ሴት። ጆሮዬ ላይ አደረግሁት። ቬንትሌተር የለም፣ ትራክተር የለም፣ ሰው አይተነፍስም። ጆሮዬን ቀጥ አድርጌ ጠበቅሁ። አሥራ ስምንት መጣ፣ አሥራ ስምንት አለፈ።

«ሰሙት?» አሉኝ።

ያችው ቃል ምላሴ ላይ መጥታ ነበር። እውነቴን ነው፣ መጥታ ነበር።

«አልሰማሁም ሐጃ» አልኳቸው። «ጆሮዬ አርጅቷል። ያን ጊዜም አልሰማሁም ነበር። ዋሽቼ ነው።»

ወንበራቸውን ወደኔ ሳብ አደረጉ፣ ጎንበስ ብለው አፋቸውን ወደ ጆሮዬ አስጠጉና በአፍንጫቸው ትንፋሽ ሳቡ። ቀጭን ፉጨት ነው፣ በበር ስንጥቅ የሚገባ ነፋስ የሚመስል፣ መጨረሻው ላይ ትንሽ ከፍ የሚል። እንዲህ ነው አሉኝ። ደገሙልኝ። እስክይዘው ድረስ ሦስት ጊዜ ደገሙልኝ።

ሊሄዱ ሲሉ አብዱረሕማን ያችን አንዲት ፋይል ኮምፒዩተርህ ላይ ገልብጥልኝ፣ ሁለት ቦታ ትኑር፣ ግን ሳታሳንስ አለኝ። እስከዚያች ሰዓት ዐሚ ሲለኝ የነበረው ሰው አንተ አለኝ፤ አልከፋኝም፣ ይገባኛል። ቦታ አልነበረኝም። ስንት ዓመት የሰበሰብኩትን ሦስት መቶ ዘፈን አጥፍቼ ቦታ አደረግሁላት። ይቅር በለኝ አላልኩትም፤ እሱም ይቅር አልኩህ አላለም። እንደገና አደራ አለኝ እንጂ። ዲስኳን በሻርፑ ጠቅልሎ አቀፋት፣ እናቱን በሌላ ክንዱ ደገፈ፣ ወጡ። ደረበ መናኸሪያ ድረስ አደረሳቸው።

ሐጃ ዋሲላ በሚቀጥለው ክረምት መጠለያው ውስጥ ማረፋቸውን ከአንድ ሹፌር ሰማሁ። አብዱረሕማን ከዚያ ወጥቷል ይላሉ፣ ወዴት እንደሆነ የሚያውቅ አላገኘሁም። ደረበ ያን ፍላሽ ኋላ መጥቶ ወስዶታል፤ ዛሬም እነዚያኑ ዘፈኖች እየከፈተ ያርሳል፣ ግን ጊታሩ ሲጀምር ፊቱ አንድ ጊዜ ጭፍግግ ይላል፤ አይቼዋለሁ።

እኔም እነሆ አረጀሁ። ያችን ፋይል በየሳምንቱ እከፍታታለሁ፣ እስከ ዛሬ አንድ ቀን በጆሮዬ ሰምቻት አላውቅም። የማውቃት ከእናቱ በተቀበልኩት ነው፤ ወንድ ልጅ በአፍንጫው እንዴት እንደሚያፏጭ አሁን ላሳያችሁ ብል ግን ትንፋሼ ከዕለት ዕለት እየከዳኝ ነው። የናንተ ጆሮ ግን ገና ነው። ቬንትሌተሩን ያጠፋሁት ለዚህ ነው።

በሉ ማዳመጫውን ያዙ፣ ተራ በተራ። አሥራ ስምንተኛው ሰከንድ ላይ ነው። የማትሰሙ ካላችሁ አልሰማሁም በሉኝ፣ አልቀየማችሁም፣ እንደ እናቱ አድርጌ እነግራችኋለሁ። የሰማችሁ ግን፣ ይኼ ቤት ሲዘጋም እኔም ሳልኖር፣ ያቺን ትንፋሽ አታጥፏት። ዑበይዳ ይባላል። ኦምዱርማን ጄኔሬተር ይጠግን ነበር፣ መርፌውን ሲያወርድ እጁ እንዳይንቀጠቀጥ ይጠነቀቅ ነበር። አስታውሱልኝ ልጆቼ።